ለልብ ወለድ የሚሆን የጊዜ ማሽን አሠራር፦ ከፔንዱለሙ እስከ ዋጋው

በጊዜ ላይ የሚሠለጥን ማሽን ያለበት ታሪክ መጀመሪያው ላይ እምብዛም አይበላሽም፤ የሚበላሸው መሃሉ ላይ ነው። ባለታሪኩ ጭንቅ ውስጥ ሲገባ አንባቢው «ማሽኑ እያለለት ለምን ትናንት ተመልሶ ነገሩን አያስተካክልም?» ብሎ ይጠይቃል። ጸሐፊው ማሽኑ የማይችለውን አስቀድሞ ስላልወሰነ መልስ ያጣል። ከዚያ በኋላ የሚመጣው መላ ሁሉ፣ «ኃይሉ አልቆ ነበር»፣ «በጥንት ሊቃውንት የተከለከለ ነው»፣ ጥገና መሆኑ ከሩቅ ያስታውቃል።

ከዚህ በታች ለልብ ወለድ፣ ለተውኔት ወይም ለጨዋታ የሚሆን አንድ ማሽን ከባዶ ተነሥተን እንሠራለን። ማሽኑ አስማታዊ ነው። አስማቱ ግን በአንድ በር ብቻ ይገባል፤ ቀሪው በሙሉ በታወቀው የተፈጥሮ ሕግ ይሄዳል። ወረቀትና ካልኩሌተር አዘጋጁ።

1. ማሽኑ ጊዜን ምን እንደሚያደርገው ወስኑ

የጊዜ ማሽን ሲባል በተግባር ሦስት የተለያዩ ዕቃዎች ናቸው፦ የጊዜን ፍጥነት የሚለውጥ፣ ጊዜን የሚያቆም፣ ወደ ኋላ የሚመልስ። ሦስቱንም የሚያደርግ አንድ ማሽን አትሥሩ። ወደ ፊት የሚወስድ የሚባለው ራሱን የቻለ ዓይነት አይደለም፤ ጊዜ የዘገየበት ክፍል ውስጥ የተቀመጠ ሰው ሲወጣ ውጭው ቀድሞት ሄዶ ይጠብቀዋል፣ ነገሩ ይኸው ነው።

ዓለምን በሙሉ አቁሞ አንድ ሰው ብቻውን እንዲንቀሳቀስ ማድረግ ቀላል ይመስላል፤ ጸሐፊን በቶሎ የሚያጣብቀው ግን እሱ ነው። ዓለሙ ከቆመ ብርሃንም ቆሟል፤ ስለዚህ ዓይን ውስጥ አዲስ ብርሃን አይገባም፣ ባለታሪኩ ምንም አያይም። አየሩም ከቆመ ገለል አይልለትም፣ ወደ ሳንባው አይገባለትም። እነዚህን አንድ በአንድ ለማስተባበል ስትሞክሩ አስማቱ በየገጹ ይባዛል።

የፍጥነት ለውጥ ግን የተፈጥሮ ሕግ ያግዘዋል። አልበርት አይንስታይን እ.ኤ.አ. በ1905 ባወጣው ንድፈ ሐሳብ መሠረት የሚንቀሳቀስ ሰዓት ይዘገያል፤ በ1971 ደግሞ የሲዝየም አቶሚክ ሰዓቶች በመንገደኞች አውሮፕላን ተጭነው ዓለምን ዞረው ሲመለሱ ልዩነቱ ተለክቷል። የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓት መሬት ላይ ካለው በቀን 38 ማይክሮሰከንድ ገደማ ይቀድማል፤ ባይታረም የቦታ ስሌቱ በየቀኑ ወደ 10 ኪሎ ሜትር ይስት ነበር። ልብ ወለዱ የሚጨምረው መጠኑን ብቻ ነው። ስለዚህ የምንሠራው ማሽን ፍጥነት የሚለውጥ ይሁን።

2. አስማቱን በአንድ ዓረፍተ ነገር ጻፉ

የእኛው ይህ ነው፦ *በክፍሉ ውስጥ ያለው ጊዜ ከክፍሉ ውጭ የተሰቀለውን ፔንዱለም ምልልስ ይከተላል፤ ፔንዱለሙ ሄዶ በተመለሰ ቁጥር ክፍሉ ውስጥ 2 ሰከንድ ያልፋል።*

ከዚህ በኋላ አስማት የለም፣ ሒሳብ ነው። ፔንዱለም፣ ማለትም ተንጠልጥሎ ወዲያና ወዲህ የሚወዛወዝ ክብደት፣ ሄዶ ለመመለስ የሚወስድበት ጊዜ ከርዝመቱ ስኩዌር ሩት ጋር ይሄዳል። 1 ሜትር የሚሆን ፔንዱለም (ትክክለኛው 99.4 ሳንቲ ሜትር ነው) በ2 ሰከንድ ሄዶ ይመለሳል፤ በዚህ ርዝመት ክፍሉም ውጭውም እኩል ይሄዳሉ። ርዝመቱን ስትቀይሩ የሚሆነው ይህ ነው፦

- 25 ሳንቲ ሜትር፦ ክፍሉ 2 እጥፍ ይፈጥናል
- 11 ሳንቲ ሜትር፦ 3 እጥፍ ይፈጥናል
- 4 ሳንቲ ሜትር፦ 5 እጥፍ ይፈጥናል
- 1 ሳንቲ ሜትር፦ 10 እጥፍ ይፈጥናል
- 4 ሜትር፦ 2 እጥፍ ይዘገያል
- 9 ሜትር፦ 3 እጥፍ ይዘገያል
- 25 ሜትር፦ 5 እጥፍ ይዘገያል
- 100 ሜትር፦ 10 እጥፍ ይዘገያል

ዝርዝሩን ደጋግማችሁ እዩት፤ ሴራው ግማሽ በግማሽ እዚህ ውስጥ አለ። ማፍጠን ርካሽ ነው፤ ማንም በጓዳው ሊያደርገው ይችላል። ማዘግየት ግን ሕንጻ ይጠይቃል። መቶ ዓመት በአንድ ዓመት ማለፍ የሚፈልግ ንጉሥ 10 ኪሎ ሜትር የሚረዝም ፔንዱለም ያስፈልገዋል፤ የሚሰቅልበት የለውም። እናንተ ሳትከለክሉት ማሽኑ ራሱ እምቢ አለው። በማፍጠን በኩልም ድንበር አለ፦ ርዝመቱ የሚለካው ከማንጠልጠያው እስከ ክብደቱ መሃል ስለሆነ በ1 ሳንቲ ሜትር ላይ የሚንጠለጠለው ከአተር ፍሬ ያልበለጠ የእርሳስ (ሊድ) ክብደት ነው፤ አየሩ ብቻውን ቶሎ ያቆመዋል። ከ10 እጥፍ በላይ ማፍጠን የሚል ገጸ ባሕርይ ካለ ይህንን እንዴት እንደተሻገረው ማሳየት አለባችሁ።

ፔንዱለሙ ከክፍሉ *ውጭ* መሰቀሉን አትርሱ። ውስጥ ከሰቀላችሁት ሕጉ ራሱን ይበላል፦ ፔንዱለሙ ሲያጥር ክፍሉ ይፈጥናል፣ ክፍሉ ሲፈጥን ፔንዱለሙም አብሮ ይፈጥናል፣ ያ ደግሞ ክፍሉን እንደገና ያፈጥነዋል፤ ማቆሚያ የለውም። ውጭ መሆኑ ሌላም ነገር ይሰጣችኋል። ውስጥ ያለው ሰው ዕጣው ውጭ በቆመው ሰው እጅ ነው።

3. ክፍሎቹ

*ክብደቱ።* 5 ኪሎ የሚመዝን ድቡልቡል እርሳስ፤ ስፋቱ 9.5 ሳንቲ ሜትር ገደማ ይሆናል። ለአጫጭሮቹ ርዝመቶች ትናንሽ እርሳሶች ለብቻ ይያዙ። በረቂቆች ላይ ደጋግሞ የሚታየው ስህተት «ክብደቱን ሲጨምርበት ጊዜው ዘገየ» የሚለው ነው። ክብደት ምልልሱን አይለውጥም። ከባድ እርሳስ የሚጠቅመው አየሩ ቶሎ እንዳያቆመው ብቻ ነው።

*ዘንጉ።* ናስ ያምራል፤ ግን በሙቀት ይረዝማል። የአየሩ ሙቀት በ10 ዲግሪ ሲጨምር የናስ ፔንዱለም በቀን 8 ሰከንድ ያህል ይዘገያል፣ የብረቱ ደግሞ 5 ሰከንድ ያህል። በአንድ ዓመት የናሱ ልዩነት ወደ 49 ደቂቃ ይደርሳል። ሁለት ሰዎች በሰዓት ተቀጣጥረው የሚተላለፉበት ታሪክ ካላችሁ እነዚህ 49 ደቂቃዎች ከማንኛውም ተንኮለኛ ገጸ ባሕርይ ይልቅ ያገለግላሉ።

*ማስተካከያ ዳዶ።* ከክብደቱ ሥር ይገባል፤ ሲጠብቅ ክብደቱን ከፍ፣ ሲላላ ዝቅ ያደርጋል። በ1 ሜትር ፔንዱለም ላይ 1 ሚሊ ሜትር ለውጥ በቀን 43 ሰከንድ ነው። ባለሙያ ገጸ ባሕርይ የሚለየው ይህቺን ዳዶ በሚነካበት ጥንቃቄ ነው።

*ማርሽና መቆለፊያ።* 30 ጥርስ ያለው ማርሽ፤ ፔንዱለሙ ሄዶ በተመለሰ ቁጥር መቆለፊያው አንድ ጥርስ ይለቃል። ስለዚህ ማርሹ አንድ ጊዜ ሲዞር ክፍሉ ውስጥ አንድ ደቂቃ አልፏል፣ ርዝመቱ የፈለገውን ቢሆን። ከማርሹ ጋር የተያያዘው ሰሌዳ ውጭ ተቀምጦ የውስጡን ሰዓት ያሳያል። አጠገቡ ተራ ሰዓት ስቀሉ። ሁለቱ እኩል ሳይሄዱ ጎን ለጎን መታየታቸው ማሽኑን ለአንባቢ ለማስረዳት ከሦስት ገጽ ገለጻ ይሻላል።

*ኃይል።* በገመድ ወርዶ ማርሹን የሚያዞር ክብደት ወይም ሞላ። በየስንት ጊዜው እንደሚጠመጠም ጻፉ፤ የሚጠመጥመውም ሰው ስም ይኑረው።

ታሪኩ የሚካሄድበትን ዘመንም ተጠንቀቁ። የፔንዱለም ሰዓት የተሠራው እ.ኤ.አ. በ1656 በክርስቲያን ሁይገንስ ነው። ከዚያ በፊት ያለ ዓለም ከሆነ የውሃ ሰዓት ወይም የማርሽ ማሽን ይስማማዋል፤ አል ጀዘሪ በ1206 ያዘጋጀው የማሽኖች መጽሐፍ ውስጥ የዝሆን ቅርጽ ያለው የውሃ ሰዓት አለ፣ በ1901 በግሪክ አንቲኪቴራ ደሴት አጠገብ ከባሕር የወጣው የነሐስ መሣሪያ ደግሞ ቢያንስ 30 ማርሾች ነበሩት። የውሃ ሰዓት ብትመርጡ አንድ ውበት አለው፦ ውርጭ ሲመጣ ውሃው ይረጋል፣ ከውሃው ጋር ክፍሉም።

4. አሠራሩን በቅደም ተከተል አስቀምጡ

ይህንን ቅደም ተከተል ከረቂቁ በፊት ጻፉትና በመጽሐፉ ሙሉ አትለውጡት።

1. ፔንዱለሙ 1 ሜትር ምልክት ላይ ሆኖ እየተወዛወዘ ሰውየው ይገባል፣ በሩ ይዘጋል።
2. ኦፕሬተሩ ክብደቱን በእጁ ይዞ ያቆመዋል። በሕጉ መሠረት ምልልስ ከሌለ ውስጥ ጊዜ የለም፤ ክፍሉ ቆመ። ውስጥ ያለው አይሰማውም።
3. ክብደቱን ወደሚፈለገው ምልክት ያንቀሳቅሳል፣ ዳዶውን ያጠብቃል።
4. በ4 ዲግሪ ያህል ወደ ጎን ገለል አድርጎ ይለቀዋል። በ1 ሜትር ላይ ይህ 7 ሳንቲ ሜትር፣ በ25 ሳንቲ ሜትር ላይ 1.7 ሳንቲ ሜትር ነው። መግፋት የለም፣ መልቀቅ ብቻ።
5. የሁለቱን ሰዓቶች ንባብ ይመዘግባል።
6. ጊዜው ሲደርስ ይይዘዋል፣ ወደ 1 ሜትር ይመልሰዋል፣ ይለቀዋል፣ በሩ ይከፈታል።

ተራ ቁጥር 4 ላይ ብዙ ነገር ሊበላሽ ይችላል። የውዝዋዜው ስፋት ትንሽ እስከሆነ ድረስ ምልልሱን አይነካም ማለት ይቻላል፤ በ30 ዲግሪ ከተለቀቀ ግን ፔንዱለሙ በ1.7 በመቶ ይዘገያል፣ በቀን 25 ደቂቃ ያህል። በችኮላ የለቀቀ ሰው የሚከፍለው እሱን ነው። ተቃራኒው ደግሞ የከፋ ነው፦ ስፋቱ እየጠበበ ሲሄድ ምልልሱ ስለማይለወጥ ሰሌዳው እስከ መጨረሻው ትክክል ያነባል። ፔንዱለሙ ሊቆም መሆኑን የሚናገር ነገር ስፋቱ ብቻ ነው። ሰሌዳውን ብቻ እያየ የሚጠብቅ ኦፕሬተር ክፍሉን ከነሰውየው ያስቆመዋል፤ ውስጥ ያለው ደግሞ አይጮህም፣ የሚጮህበት ጊዜ የለውማ። ኦፕሬተሩ ቢሞት ወይም ቢጠፋስ? ክፍሉ የሚጠብቀው ሰው እስኪመጣ ነው፣ አንድ ቀንም ሆነ ሦስት መቶ ዓመት።

የ100 ሜትሩ ማሽን ለብቻው ይታሰብ። ዘንግ ሳይሆን ሽቦ ነው የሚሆነው። በ4 ዲግሪ ከለቀቃችሁት ወደ እያንዳንዱ ጎን 7 ሜትር ይሄዳል፤ ስለዚህ 14 ሜትር የሚሰፋ ጉድጓድ ይፈልጋል። በ1 ዲግሪ ከተለቀቀ 3.5 ሜትር ይበቃል። አንዱ ምልልስ 20 ሰከንድ ይወስዳል። ይህን ጉድጓድ ማን እንዳስቆፈረ ካወቃችሁ ታሪኩን ግማሽ አውቃችሁታል።

5. ግድግዳው

ጀማሪዎች ሁሉ የሚዘሉት ይህ ነው፤ ማሽኑን የሚያቆመውም የሚያፈርሰውም ግን እሱ ነው። ሁለት የተለያዩ ጊዜዎች የሚገናኙበት ቦታ ላይ ምን ያልፋል?

በነፃ የሚያሳልፍ ድንበር ብታደርጉ የሚከተለውን መሸከም አለባችሁ። ድምፅ በ2 እጥፍ በዘገየ ክፍል ውስጥ 440 ኸርዝ የነበረው ውጭ 220 ሆኖ ይሰማል። ብርሃንም እንዲሁ ይለወጣል፦ 10 እጥፍ ከፈጠነ ክፍል በመስኮት ወደ ውጭ ለሚያይ ሰው የሞገድ ርዝመቱ 550 ናኖ ሜትር የነበረው አረንጓዴ 5,500 ይሆንበታል፣ ይህም ዓይን የማያየው ታሕተ ቀይ ነው፤ መስኮቱ በቀትርም ጥቁር ነው። በዘገየ ክፍል ደግሞ ተቃራኒው ይሆናል፤ 2 እጥፍ ብቻ ቢዘገይ 700 ናኖ ሜትር የነበረው ቀይ ብርሃን 350 ሆኖ ይገባል፣ ቆዳና ዓይን የሚያቃጥል አልትራቫዮሌት። በር ላይ እጁን ያስገባ ሰውም አለ፦ 10 እጥፍ በፈጠነ ክፍል ውስጥ የገባች እጅ የምትፈልገውን ደም ውጭ የቀረ ልብ በወቅቱ አያደርስላትም። አንድ ደቂቃ ለሰውየው፣ አሥር ደቂቃ ለእጁ።

ለአጭር ልብ ወለድ ይህ ራሱ ታሪክ ይሆናል። ለረጅም ሥራ ግን የታሸገው ድንበር ይሻላል፦ *ፔንዱለሙ ከ1 ሜትር ምልክት ውጭ እስካለ ድረስ ግድግዳው ምንም አያሳልፍም፤ ሰው፣ ብርሃን፣ አየር፣ ሙቀት።* አንድ ሕግ ጨመራችሁ፣ ሃያ ጥያቄ ዘጋችሁ። ዋጋው ደግሞ ወዲያው ይመጣል፤ ዋጋውም ሁለት ነው።

አንደኛው ሙቀት ነው። ዝም ብሎ የተቀመጠ ሰው 100 ዋት ያህል ሙቀት ያወጣል። 30 ሜትር ኩብ አየር ያለው ክፍል ውስጥ ሙቀቱን አየሩ ብቻ የሚቀበለው ከሆነ ክፍሉ በየሰዓቱ 10 ዲግሪ ይጨምራል፤ በሦስት ሰዓት ውስጥ ሰውየው አለቀለት። መፍትሔው ድንበሩን ከድንጋዩ ግድግዳ *ውጭ* ማድረግ ነው። 10 ቶን ድንጋይ ከሰውየው ጋር ውስጥ ከሆነ የቀኑን ሙቀት ተቀብሎ በ1 ዲግሪ ያህል ብቻ ይሞቃል። ስለዚህ የማሽኑ ክፍል ወፍራም የድንጋይ ግድግዳ አለው፤ አንባቢው መጀመሪያ ምሽግ ይመስለዋል፣ ምክንያቱን ቆይቶ ያገኘዋል። ድንጋይ ከሌለ በረዶ ይገባ፦ 1 ኪሎ በረዶ ሲቀልጥ 334 ኪሎ ጁል ይውጣል፣ ስለዚህ ለአንድ ሰው በቀን 26 ኪሎ ገደማ ያስፈልጋል። መብራት ካለ የሱም ዋት ይደመር።

ሁለተኛው አየር ነው። ያረፈ ሰው በሰዓት 15 ሊትር ያህል ኦክስጅን ይጠቀማል፣ 12 ሊትር ያህል ካርቦን ዳይኦክሳይድ ይመልሳል። በ30 ሜትር ኩብ ክፍል ውስጥ ካርቦን ዳይኦክሳይዱ 3 በመቶ የሚደርሰው በ75 ሰዓት ነው፤ ከዚያ በፊት ራስ ምታትና ፈጣን ትንፋሽ ይጀምራል። ሁለት ሰው ከሆነ ግማሹ፣ የሚሠራ ሰው ከሆነ ከዚያም ያነሰ። የተቀጠቀጠ ኖራ ዘርግቶ ካርቦን ዳይኦክሳይዱን መምጠጥ ይቻላል፤ ብዙ አያራዝምም እንጂ፣ በ80 ሰዓት ኦክስጅኑ ራሱ ከ21 በመቶ ወደ 17 ይወርዳል።

አሁን ቁጥሮቹን አገናኙ። 75 የውስጥ ሰዓት 10 እጥፍ በፈጠነ ክፍል 7 ሰዓት ተኩል የውጭ ጊዜ ነው። 10 እጥፍ በዘገየ ክፍል ደግሞ 750 ሰዓት፣ ማለትም 31 ቀን። ስለዚህ ፔንዱለሙ ካልቆመ በቀር ማንም በአንድ መግባት ከአንድ ወር በላይ ወደ ፊት አይሄድም፤ በየወሩ በሩ ተከፍቶ አየር መግባት አለበት፣ በሩ ሲከፈት ደግሞ ጠላትም ያውቃል። ይህን ገደብ እናንተ አላወጣችሁትም። ከግድግዳው የወጣ ነው፤ ለዚህም ነው አንባቢ የማይከራከረው።

6. የዕድሜ መዝገብ

በፈጠነ ክፍል የሚሠራ ሰው የሚከፍለው በዕድሜው ነው። ለእያንዳንዱ ገጸ ባሕርይ ሦስት ዓምድ ያለው መዝገብ ክፈቱ፦ የውጭ ቀን፣ ውስጥ ያሳለፈው፣ የገላው ዕድሜ። በእያንዳንዱ ምዕራፍ መጨረሻ ሙሉት።

ምሳሌ፦ አንዲት ተማሪ በየሌሊቱ 1 የውጭ ሰዓት 10 እጥፍ በፈጠነ ክፍል ታጠናለች። በየሌሊቱ 9 ሰዓት ትርፍ ታገኛለች፣ 9 ሰዓትም ታረጃለች። በዓመት 3,285 ሰዓት፣ ማለትም 137 ቀን ገደማ። አንድ ዓመት ማንም አያስተውልም። በ20 ዓመት ግን ከእኩዮቿ በ7 ዓመት ተኩል ትበልጣለች፤ ፊቷ ላይ ይታያል። ከዕድሜው በፊት የሚታዩት ግን ትናንሾቹ ናቸው፦ ጥፍር፣ ጸጉር፣ የወር አበባ ቀን መዛባት፣ ማታ ራት በልታ ከአንድ ሰዓት በኋላ ጠኔ የያዛት መሆኑ። ሚስጥሩ የሚወጣው በእነዚህ ይሁን።

7. ወደ ኋላ መሄድስ?

በፔንዱለሙ ማሽን አይቻልም፣ ምክንያቱም ግልጽ ነው፦ ፔንዱለም ወደ ኋላ ሲወዛወዝ ወደ ፊት ከሚወዛወዘው አይለይም። አጭሩም ረጅሙም ምልልስ ወደ ፊት ይቆጥራል፣ የቆመው ዜሮ ይቆጥራል፤ ከዜሮ በታች ምልክት የለም። በመግቢያው ላይ ያነሣነው የአንባቢ ጥያቄ እዚህ ላይ ይዘጋል።

የግድ ወደ ኋላ የሚመልስ ማሽን ካስፈለጋችሁ ሌላ ማሽን ሥሩ፣ ሌላም መዝገብ። በፊዚክስ በኩል ኩርት ጎዴል በ1949 የአይንስታይንን እኩልታዎች የሚያሟላ፣ ወደ ራስ ያለፈ ጊዜ የሚመልስ መንገድ ያለበት ዩኒቨርስ በስሌት አሳይቷል፤ ስቴፈን ሆኪንግ ደግሞ በ1992 የተፈጥሮ ሕግ እንዲህ ያለውን ማሽን ሳይከለክል አይቀርም የሚል ግምት አቅርቧል። ሁለቱም ለገጸ ባሕርይ ክርክር ይበቃሉ። ለአሠራሩ ግን አራት ነገር ወስኑ።

ቦታ። ምድር በፀሐይ ዙሪያ በሰከንድ 30 ኪሎ ሜትር ያህል ትጓዛለች፤ አንድ ሰዓት ወደ ኋላ የሄደና ከምድር ጋር ያልታሰረ ሰው ከ100,000 ኪሎ ሜትር በላይ ርቆ ሕዋ ላይ ይገኛል። ማሽኑ ከመሬት ጋር ይታሰር፤ ለምሳሌ መግቢያውም መውጫውም ያው የድንጋይ ወለል ይሁን።

ድንበር። ማሽኑ ከተሠራበት ቀን በፊት አይሄድም በሉ። ወለሉ ያልነበረበት ቀን ላይ መውጫ የለም። ይህ አንድ መስመር የጥንት ነገሥታትን ለመግደል የሚነሡትን ሁሉ ያስቀራል።

ለውጥ። ሦስት መንገድ አለ፦ ያለፈው አይለወጥም፣ የተጓዡም ድርጊት ድሮውኑ የታሪኩ አካል ነበር፤ ወይም አዲስ ቅርንጫፍ ይከፈታል፣ የቀድሞው ዓለም ሳይነካ ይቀጥላል፤ ወይም አንዱ መስመር ይለወጣል፣ የቀድሞውን የሚያስታውስ ተጓዡ ብቻ ይሆናል። አንዱን ያዙ። ሁለት መቀላቀል በየትኛውም ሥራ ላይ አያዋጣም። ለአጭር ሥራ የመጀመሪያው ይሻላል፤ ቅርንጫፉ ደግሞ ሐዘኑን ያረክሰዋል፣ የሞተው ሰው በሌላኛው ዓለም በሕይወት አለና።

ዕቃ። ከወደፊቱ የመጣ፣ ተመልሶ ራሱ የሚሆን፣ ሠሪ የሌለው ዕቃ ያምራል፤ ግን ይበላል። የኪስ ሰዓት በየዙሩ 40 ዓመት ቢያረጅ በሁለተኛው ዙር ያው ሰዓት አይደለም። በዙር የሚሄደው ዕቃ ሳይሆን ዕውቀት ይሁን፦ ቀመር፣ ዜማ፣ አድራሻ።

ቀን እየቆጠራችሁ ወደ ኋላ የምትሄዱ ከሆነ ደግሞ በግሪጎርያውያን የዘመን አቆጣጠር ከኦክቶበር 4 ቀን 1582 ቀጥሎ የዋለው ኦክቶበር 15 መሆኑን አትርሱ፤ እንግሊዝ በ1752 ነው የተከተለችው። በቀን ቁጥር የሚሠራ ማሽን በ1582ቱ ላይ አሥር ቀን ይስታል።

8. ገጽ ላይ ማውጣት

ሕጉን አንባቢው ከመፈለጉ በፊት፣ አደጋ በሌለበት ቦታ አሳዩት። ገለጻ አታድርጉ፣ እጅ ይሥራ። «ማሽኑ በማይታወቅ ኃይል አጓርቶ ጊዜን ጠመዘዘ» የሚል ዓረፍተ ነገር ለማንም ምንም አይነግርም። ይህን ተመልከቱ፦

> እርሳሱን ያዘችው። ሰሌዳው ጸጥ አለ። ዳዶውን አላላችና ወደ አራተኛው ምልክት ገፋችው፣ አጠበቀችው፣ በሁለት ጣቷ ገለል አድርጋ ለቀቀችው። የግድግዳው ሰዓት እንደ ልማዱ ይሄዳል፤ ሰሌዳው ግን ሁለቴ ቆጠረ እሱ አንዴ እስኪል። «ወንድሜ አሁን ሻይውን እየጨረሰ ነው» አለች። ሻዩን ያስገባችለት ገና አሁን ነበር።

ከዚህ በኋላ ስለ ስኩዌር ሩት ማንም መስማት አያስፈልገውም፤ አራተኛው ምልክት ምን እንደሆነ ገባው።

9. መፈተሽ

የሕጉን ገጽ ከታሪኩ ለይታችሁ ለአንድ ብልጥ ሰው ስጡት፤ ጨዋታ የሚወድ ቢሆን ይመረጣል። ሥራው ማጭበርበር ነው፦ በዚህ ማሽን እንዴት ሀብታም ይሆናል? እንዴት ሰው ይገድላል? ከእስር እንዴት ያመልጣል? የሚከተሉት ሁልጊዜ ይመጣሉ።

«ክፍል ውስጥ ክፍል ብሠራስ?» በፈጠነ ክፍል ውስጥ ሌላ ፔንዱለም ሰቅሎ 10 በ10፣ 100 እጥፍ ማግኘት በሕጉ ይቻላል። አትከልክሉት። የውስጠኛው ክፍል አነስተኛ ነው፤ 3 ሜትር ኩብ ቢሆን አየሩ የሚበቃው ለ7 ሰዓት ተኩል ነው፣ ውጭ ላለው 4 ደቂቃ ተኩል። ኦፕሬተሩም በመጀመሪያው ክፍል ታሽጎ አብሮ ያረጃል።

«ወይን ወይም አይብ ላስረጅበት?» ይቻላል፣ እንደ ሰው ብዙ አየር ስለማያስፈልገው እንዲያውም ከሰው ይሻላል። ይህ የማሽኑ ሰላማዊ ጥቅም ይሁን፤ ማሽኑን ማን እንደሠራውና ለምን እንደተስፋፋ የሚያስረዳው ምናልባት እሱ ነው።

«ጠላቴን አስገብቼ ፔንዱለሙን ባቆምስ?» ይሠራል፣ ምንም መፍትሔ የለውም። ስለዚህ በዚህ ዓለም ማንም ያለ ሁለት ኦፕሬተር አይገባም፤ ሁለቱም የማይተዋወቁ ቢሆኑ ይመረጣል። ከሕጉ የወጣ ልማድ እንዲህ ነው የሚገኘው።

ፈታሹ ያልታሰበ ቀዳዳ ሲያገኝ አዲስ ክልከላ አትጻፉ። በርዝመት፣ በአየር፣ በሙቀት ወይም በዕድሜ አስሉትና ዋጋውን አውጡ። አሥር ጊዜ ካሰላችሁት በኋላም በነፃ የሚያልፍ ከሆነ፣ የክፍሉን መጠን ቀንሱና እንደገና አስሉ።